ለጀግናይቱ የተሰጣት ሱሪ፣ ከእጇ የተነጠቀው ምርጫ

ስለ ቪዲዮ ጨዋታዎች በሚጻፉ ሐተታዎች ውስጥ እየተደጋገመ የሚነገር አንድ የምሥራች አለ። «ሰርቫይቫል ሆረር» በሚባለው፣ ተጫዋቹ ከአስፈሪ ቦታ ተርፎ ለመውጣት በሚታገልበት የጨዋታ ዘርፍ የምትገኘው ጀግና ሴት አድጋለች፣ ተከብራለች ይባላል። ለማስረጃነትም ሁለት ሥዕሎች ጎን ለጎን ይቀርባሉ። በአንደኛው ጂል ቫለንታይን የተባለችው ገጸ ባሕርይ በ1999 በአጭር ጉርድ ቀሚስ ትታያለች፤ በሁለተኛው ይህችው ሴት በ2020 ሱሪ ታጥቃ ትታያለች (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ፍርዱም ወዲያው ይሰጣል፤ እነሆ እድገት!

እኔ ግን ይህ ፍርድ የተሰጠው በልብስ ሰፊ ሜትር ነው እላለሁ። የአንዲት ጀግና እድገት መለካት ያለበት በለበሰችው ጨርቅ ርዝመት ሳይሆን፣ ሞት ከፊቷ በቆመ ጊዜ እንድትወስን በተፈቀደላት ነገር ነው። በዚህ ሚዛን ሲመዘን የጂል ቫለንታይን ታሪክ ወደ ላይ ብቻ የሚወጣ መሰላል አይደለም፤ በአንድ እጅ እየሰጡ በሌላው የመንጠቅ ታሪክ ነው።

ነገሩ ለአንዳንድ አንባቢ የልጆች ዛዛታ መስሎ ይታየው ይሆናል። ይሁንና ጨዋታም ተረት ነው፤ ተረት ደግሞ ስለ ሴት ልጅ በልባችን ያለውን ሳናውቀው የምናወጣበት መድረክ ነው። አሜሪካዊቷ ምሁር ካሮል ክሎቨር በ1992 ባሳተመችው የአስፈሪ ፊልሞች ጥናት፣ ሌሎቹ ሁሉ ካለቁ በኋላ ከገዳዩ ፊት ብቻዋን ስለምትቀረው ልጃገረድ በሰፊው ጽፋለች። የፊልሟ ልጃገረድ ግን የቱንም ያህል ደፋር ብትሆን የምትሄደው ዳይሬክተሩ በቆረጠላት መንገድ ነው፤ ተመልካቹ ከወንበሩ ላይ ሆኖ «ኧረ ወደዚያ አትግቢ!» ቢል አትሰማውም። የጨዋታዋ ጀግና ትሰማለች። እጅና እግሯ እኛው ነንና። ልዩ የሚያደርጋት ይኸው ነው፤ ይህን ከወሰዱባት ምን ይቀራታል?

«ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» እንዲሉ፣ ከአመጣጧ እንጀምር። በ1989 የጃፓኑ ካፕኮም ኩባንያ በቶኩሮ ፉጂዋራ መሪነት «ስዊት ሆም» የተባለ ጨዋታ አወጣ። መንፈስ በሰፈረበት አሮጌ ቤት ውስጥ ከተዘጋባቸው አምስት ሰዎች እያንዳንዱ ሌላው የሌለው አንድ ዕቃ ይይዛል፤ ኤሚ የተባለችው ሴት የያዘችው ቁልፍ ነበር። በ1992 ፈረንሳዮቹ «አሎን ኢን ዘ ዳርክ»ን ሲያወጡ፣ ተጫዋቹ ኤድዋርድ ካርንቢ የተባለውን መርማሪ ወይም ኤሚሊ ሃርትውድ የተባለችውን ሴት እንዲመርጥ ፈቀዱለት፤ ነገር ግን ማንንም ቢመርጥ ጨዋታው ያው ነበር። በ1995 ደግሞ በጃፓን «ክሎክ ታወር» መጣ። ጀግናይቱ ጄኒፈር ሲምፕሰን ወላጅ አልባ ልጃገረድ ናት። ጠመንጃ የላትም፤ ትልቅ መቀስ ይዞ የሚያሳድዳትን ገዳይ የምታመልጠው በመሮጥና በመደበቅ ነው። ቢሆንም የት እንደምትገባና ምን እንደምታደርግ የሚወሰነው በተጫዋቹ ነው፤ የታሪኩም ፍጻሜ እንደ ውሳኔው ይለያያል። አቅም ተነፍጓታል፤ ውሳኔ ግን አልተነፈጋትም።

ጂል ቫለንታይን የተቀዳችው ከእነዚህ ምንጮች ነው። ፉጂዋራ የ«ስዊት ሆም»ን ሐሳብ እንደ መነሻ ለሺንጂ ሚካሚ ሰጠው፤ ሚካሚ የመራው ሥራም በማርች 1996 በፕሌይስቴሽን ላይ ወጣ። በጃፓን «ባዮሃዛርድ»፣ በሌላው ዓለም «ሪዚደንት ኢቭል» ተባለ። ተጫዋቹ ከክሪስ ሬድፊልድና ከጂል ቫለንታይን አንዳቸውን ይመርጣል። ሁለቱም የአንድ ልዩ የፖሊስ ቡድን አባላት ናቸው፤ ጂልም የለበሰችው የቡድኑን የደንብ ልብስ ነው። ክሪስ ጉዳት የመቋቋም ብርታቱ ይበልጣል፤ ነገር ግን መያዝ የሚችለው ስድስት ዕቃ ብቻ ነው። ጂል ቶሎ ትጎዳለች፤ ነገር ግን ስምንት ዕቃ ትይዛለች፤ ቁልፍ ያልተገኘለትን በርና መሳቢያ የምትከፍትበት መሣሪያም ከእጇ አይለይም።

ጥይቱ ጥቂት ነው። የደረሱበትን ሴቭ ለማድረግ እንኳ በጽሕፈት መኪናው ላይ የሚገባ የቀለም ሪባን ያስፈልጋል፤ ሪባኑም ያልቃል። ስለዚህ እያንዳንዱ እርምጃ ሒሳብ ነው። ይህን ሕያው ሬሳ ልግደለው ወይስ ጥይቴን ቆጥቤ በጎኑ ልለፍ? የሚፈውሰውን ቅጠል ልያዝ ወይስ ቁልፉን? የጂል ማንነት የተሠራው ከመልኳ ሳይሆን ከዚህ ሒሳብ ነው። በዚያን ጊዜ ፊቷ ማዕዘኑ የሚቆጠር ሻካራ ሥዕል ነበር፤ ንግግሯም የሚያስፈራ ሳይሆን የሚያስቅ ነበር። ሰው ግን አመናት፤ ጥይቷን አብሯት ስለ ቆጠረ አመናት።

እርግጥ ነው፣ ከመጀመሪያውም እንከን ነበረ። «ሴት ቢያውቅ፣ በወንድ ያልቅ» የሚለው ያረጀ አባባላችን ጃፓን ድረስ ሳይሻገር አልቀረም። በአንድ ክፍል ግድግዳ ላይ የተሰቀለ ጠመንጃ አለ፤ ያነሣው ሰው ሊወጣ ሲል በሩ ይዘጋና ጣሪያው ሊጨፈልቀው ይወርዳል። ክሪስ ከዚህ ወጥመድ የሚድነው በጠመንጃው ምትክ የሚሰቅለውን ሌላ የተሰበረ ጠመንጃ ራሱ ፈልጎ ሲያገኝ ነው። ጂልን ግን ባሪ በርተን የተባለው ባልደረባዋ ደርሶ ያወጣታል። የእርሷ መንገድ ቀላሉ መንገድ ተደርጎ ነበር የተነጠፈው።

ይሁንና ያው አዳኟ ባሪ፣ በቤተሰቡ ላይ ዛቻ ተደርጎበት ባልደረቦቹን እንዲከዳ የተገደደ ሰው መሆኑ ቀስ በቀስ ይገለጣል። ጂል ልታምነው ይገባል ወይስ አይገባም? መዛኟ እርሷ ናት፤ የባሪ ዕጣም በውሳኔዋ ላይ ይንጠለጠላል። ሚካሚ በ2002 ጨዋታውን ለጌምኪዩብ እንደገና ሲሠራው ይህንኑ ነጥብ አጠበቀው። በአንድ አስጨናቂ ሰዓት ባሪ ሽጉጡን እንድትመልስለት ይጠይቃታል፤ ብትመልስለት ሊተርፍ ይችላል፣ ብትነፍገው ይሞታል። አባባሉ ተገለበጠ፤ የወንዱ ነገር በሴቲቱ አለቀ።

አሁን ሦስት ዓመት ወደ ኋላ ተመልሰን ያን ብዙ የተወገዘ የ1999 ሥራ እንይ። «ሪዚደንት ኢቭል 3፡ ኔሜሲስ» ጂልን ብቻዋን ዋና ገጸ ባሕርይ አድርጎ አቀረባት። ስለ ልብሷ የምከራከርለት ነገር የለኝም። ከተማው እየነደደ፣ ሬሳው እየተነሣ፣ ጂል ትከሻዋን ያራቆተ ልብስና አጭር ጉርድ ቀሚስ ለብሳ ትሮጣለች። የደንብ ልብሷን ያስወለቃት የታሪኩ ግድ ሳይሆን የሠሪዎቹ ዓይን ነው። በ2004 የወጣው «ሪዚደንት ኢቭል፡ አፖካሊፕስ» የተባለው ፊልምም ተዋናይት ሲየና ጊሎሪን በዚያው ዓይነት ልብስ አቅርቧታል።

ነገር ግን በዚያ ጨዋታ ውስጥ ምን እንድታደርግ ተፈቀደላት? ኔሜሲስ የተባለው የማይደክም አሳዳጅ ሲደርስባት፣ በተመረጡ ቦታዎች ላይ ጨዋታው ለአፍታ ይንቀራፈፍና ሁለት ነገር ይደቅንባታል። ከፖሊስ ጣቢያው ደጃፍ ላይ «ጭራቁን ትገጥሚያለሽ ወይስ ሮጠሽ ትገቢያለሽ?» ይላታል። ካልቆረጠች ጊዜው ያልፋል። የመረጠችው ነገርም ቀጥሎ የሚገጥማትን ይለውጣል። እንግዲህ ዓይን ያዋረዳትን ሴት የጨዋታው ሕግ አክብሯት ነበር ማለት ነው።

እውነተኛው በደል የመጣው በ2009 ነው። በ«ሪዚደንት ኢቭል 5» ጂል ሞታለች ተብሎ መቃብሯ ይታያል። ክሪስን ለማዳን ስትል ጠላታቸውን አልበርት ዌስከርን ጨምድዳ ይዛ በመስኮት ወደ ገደል ተወርውራ ነበር፤ ይህ የራሷ ውሳኔ ነበር። ታሪኩ ሲገፋ ግን በሕይወት መኖሯ ይታወቃል። ዌስከር መሞከሪያ አድርጓት ኖሯል፤ የጠጉሯ ቀለም ጠፍቷል፤ ደረቷ ላይ የተተከለው መሣሪያ መድኃኒት እየረጨ ፈቃዷን ሰልቧታል። ክሪስ ይገጥማታል፣ ስሟን እየጠራ ይማጠናታል፣ በመጨረሻም መሣሪያው ከደረቷ ተነቅሎ ትድናለች። አስተውሉ! በዚህ ጊዜ የለበሰችው ልብስ ከሰውነቷ ጋር ቢጣበቅም ከ1999ኙ ይልቅ ገላዋን ይሸፍናል። በልብስ ሰፊው ሜትር ከሆነማ ይህም እድገት ነው። እኔ ግን የማየው በር ከፋቿ ጂል ሌላ ሰው የሚከፍታት በር ሆና ነው። በ2010 በወጡት ተጨማሪ ክፍሎች ተጫዋቹ በጂል ሆኖ እንዲጫወት መፈቀዱ አይካድም፤ እነዚያ ግን ከማዕዱ የተረፉ ቁራሾች ነበሩ።

ይኸው ጨዋታ ለእኛ ለምሥራቅ አፍሪካ ነዋሪዎች ሌላም የሚነግረን ነገር አለው። ታሪኩ የተቀመጠው በምዕራብ አፍሪካ ኪጁጁ በተባለ የፈጠራ ሥፍራ ነው፤ ሆኖም በበሽታው የተለከፉት የአገሩ ሰዎች የሚናገሩት የእኛን አካባቢ ስዋሂሊ ነው። «ማጂኒ» የሚለው መጠሪያቸውም ከስዋሂሊ የተወሰደ፣ እኛ «ጂኒ» ከምንለው ጋር አንድ ሥር ያለው ቃል ነው። ለሠሪዎቹ አህጉሩ በሙሉ አንድ ጨለማ ክፍል ነበር። በ2007 ማስተዋወቂያው ሲወጣ ነጭ ጀግና ጥቁር ሕዝብ ላይ ሲተኩስ በማሳየቱ ብዙ ክርክር ተነሥቶበታል።

በዚያ ክፍል ውስጥ አፍሪካዊቷ ሼቫ አሎማር የክሪስ አጋር ሆና ቀረበች። አምብሬላ የተባለው የታሪኩ ክፉ ኩባንያ ወላጆቿን የጨረሰባት፣ ለመዋጋት ከማንም የበለጠ ምክንያት ያላት ሴት ናት። ብቻውን የሚጫወት ሰው ግን ጨዋታውን በክሪስ ሆኖ ሳይጨርስ በሼቫ ሆኖ መጫወት አይችልም፤ እስከዚያ ድረስ የሚያንቀሳቅሳት ኮምፒዩተሩ ነው። በሽልማትነት ከሚከፈቱት ልብሶቿ አንዱ ደግሞ ገላዋን በቀለም አዥጎርጉሮ እራፊ ያስታጠቃት «የጎሳ» ልብስ ነው። በ6ኛውም፣ በ7ኛውም፣ በ8ኛውም ክፍል አልተመለሰችም። ስለ ጀግናይቱ እድገት የሚዘምሩት ሐተታዎች ሼቫን የሚያልፏት ለምንድን ነው? ከመሰላሉ የትኛው ደረጃ ላይ ሊያቆሟት እንደሚችሉ ስለሚቸግራቸው ይመስለኛል።

ወደ 2020 እንምጣ። በዚያ ዓመት በኤፕሪል ሦስተኛው ክፍል እንደገና ተሠርቶ ወጣ። መልካሙን መልካም ማለት ተገቢ ነው። ጂል ለሌሊቱ የሚሆን ልብስ ለብሳለች፤ ንግግሯ የሰው ንግግር ነው። ጨዋታው ከመጀመሪያው እልቂት በተረፈችው ሴት ቅዠት ይከፈታል፤ መትረፍ ራሱ ቁስል እንዳለው ያሳያል። ነገር ግን ያ ሁለት መንገድ የሚደቅነው ሥርዓት ተወግዷል። የሰዓት ማማው ውስጠኛ ክፍሎች ቀርተዋል። ኔሜሲስ አብዛኛውን ጊዜ የሚመጣው አስቀድሞ በተወሰነለት ቦታና ሰዓት ነው። ፍጻሜውም አንድ ብቻ ነው። ያማረ ፊት፣ ጨዋ ልብስ፣ የተቆለፈ መንገድ! ደግሞም ይህ አዲስ ታሪክ አልነበረም። ጂልን በመርከብ ላይ ካሰማራው የ2012ቱ «ሪዚደንት ኢቭል፡ ሪቨሌሽንስ» ቀጥሎ በዋና ገጸ ባሕርይነት የመጣችበት ይህ ጨዋታ የድሮው ዳግም ሥራ ነው።

«የ1999ኙ ምርጫ እኮ ከሁለት አንዱን ቁልፍ ከመጫን ያለፈ አልነበረም» የሚለኝ አይጠፋም። እውነት ነው፣ ትንሽ ነበር። ትንሽ ነገር ግን እንዲያድግ ይኮተኮታል እንጂ አይነቀልም። «ታዲያ ልብስ ምንም አይደለም ልትለን ነው?» የሚለኝም ይኖራል። አይደለም፤ የ1999ኙ ልብስ ውርደት ነበር፣ መለወጡም አግባብ ነው። ነገር ግን ከሚጠገነው ሁሉ በዋጋ የሚረክሰው እርሱ መሆኑን እንወቅ። ልብስ ለመለወጥ ሠዓሊ ይበቃል። ምርጫ ለመስጠት ግን ታሪኩን ሁለት ጊዜ መጻፍ፣ ትዕይንቱን ሁለት ጊዜ መሥራት፣ ግማሹን ተጫዋች የማያየው ነገር ላይ ገንዘብ ማፍሰስ ይጠይቃል። ሥዕሉ እየጠራና እየተወደደ በሄደ መጠን ከወጪው መጀመሪያ የሚቀነሰው የጀግናይቱ መንታ መንገድ ሆነ። እኛም ርካሹን ጥገና እያጨበጨብን ስንቀበል ውዱ ዕዳ ተረሳ።

ይህ ነገር ከጨዋታ ሰሌዳ አልፎ የሚሄድ ይመስለኛል። ሴትን በወግ አልብሶና አስውቦ ከፊት ማቆም፣ ውሳኔውን ግን ለሌላ መተው በሥዕል ዓለም የተጀመረ ልማድ አይደለም፤ በየመድረኩ የምናውቀው ነው። ስለዚህም ነው በጨዋታ ውስጥ ሲደገም ዝም ማለት የማይገባን። ጥይቷ ሁለት ብቻ ቀርቶ፣ በሩ ከኋላዋ ተዘግቶ፣ የሚወደውን ሰው ሽጉጥ በእጇ ይዛ «ልመልስለት ወይስ ልንፈገው?» ያለችው ሴት መልኳ ሻካራ ነበር፤ ግን ጀግና ነበረች።

እንግዲህ ወደፊት «ጀግናይቱ አደገች» ብለው ሲጠሩን፣ ከመልበሻ ክፍሏ ደጃፍ ሳይሆን ከመንታ መንገዷ ላይ ይጥሩን። ሱሪውንስ አየነው፤ ምርጫዋን የት አደረሳችሁት?