ይድረስ ለብርቱካናማው ስኳር ድንች

ውድ ስኳር ድንች፣

ደብዳቤውን በአደባባይ የምጽፍልህ ውለታህ ጓዳ ውስጥ ስለቀረ ነው። በወላይታም ሆነ በሲዳማ፣ እህል ከጎተራ ሲያልቅ ስንቱን ቤተሰብ እስከ አዝመራ አሻግረሃል! እንግዳ ሲመጣ ግን «የችግር ጊዜ ምግብ» ይሉህና ከገበታው ይደብቁሃል። ይህ አግባብ አይደለም። እኔ ፈጭቼ ከጥብሱ ጎን፣ ከዓሣው ጎን፣ በጾም ደግሞ ከጎመኑ ጎን አቀርብሃለሁ፤ አንድም ቀን አላሳፈርከኝም።

አሠራርህ አያደክምም። አፈርህን አጥቤ፣ ሳልልጥህና ሳልቆርጥህ፣ በቀዝቃዛ ውኃ እጥድሃለሁ። ተልጠህና ተከትፈህ ስትቀቀል ውኃ ትጠጣለህ፤ ጣዕምህም ከመቀቀያው ጋር ይደፋል። እሳቱ ለስለስ ይበል። ቀስ ብለህ ስትሞቅ በውስጥህ ያለው ኢንዛይም ስታርችህን ወደ ስኳር ለመለወጥ ጊዜ ያገኛል። ማርና ስኳር የሚጨምሩብህ ሰዎች እሳቱን ቢቀንሱና ጥቂት ቢታገሡ ይሻላቸው ነበር። ሹካ እስከ መሃልህ ሰተት ብሎ ሲገባ አወጣሃለሁ። በትኩሱ ልጣጭህን ጫፉን ይዤ ስስበው ይገፈፋል፤ ከሥሩ የበሰለ ፓፓያ የመሰለ ቀለም ብቅ ይላል። ውኃውን ደፍቼ ወደ ድስቱ መልሼህ፣ የቀረው እርጥበት እስኪተንን ለአፍታ አማስልሃለሁ። ከዚያ በእንጨት ማንኪያ ጀርባ መደፍጠጥ ነው። ማሽን አላስነሳብህም፤ እዚህም እዚያም ያልደቀቀ ሲገኝ ደስ ይለኛል። ጨው፣ ትንሽ የተቀጠቀጠ ዝንጅብል፣ ኮረሪማና ኮሰረት የገባበት ንጥር ቅቤ፤ በቃ።

ቅቤው ከጣዕም ያለፈ ሥራ አለው። ያን ቀለም የሰጠህ ቤታ ካሮቲን ሲሆን ሰውነታችን ወደ ቫይታሚን ኤ ይለውጠዋል፤ በደንብ የሚመጠጠው ግን ከቅባት ጋር ነው። በጾም ቀን ዘይት ይተካዋል። ቫይታሚን ኤ የጎደለው ልጅ ዳፍንት ይይዘዋል፣ በሽታም ቶሎ ይጥለዋል። በአገራችን ማሳ የለመድነው ነጩ ወንድምህ ሆድ ይሞላል እንጂ ይህ ንጥረ ነገር የለውም ማለት ይቻላል። ስለዚህ አንተን ሳመሰግን ለአንተ የደከሙትን ማለፍ አልችልም። የኬፕ ቨርዷ ማሪያ አንድራዴ፣ ኡጋንዳዊው ሮበርት ምዋንጋ፣ አሜሪካውያኑ ጃን ሎውና ሃዋርት ቡይስ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2016 የዓለም የምግብ ሽልማትን ያገኙት በእንዲህ ያለ ሥራ ነው፤ የመጀመሪያዎቹ ሦስቱ በተለይ አንተን በአፍሪካ ገበሬ ማሳ ላይ ለማስፋፋት ለፍተዋል። በእኛም አገር እንደ ኩልፎና ቱላ ያሉ ብርቱካናማ ዝርያዎች አሉህ። የምትተከለው ሐረግህ ተቆርጦ በመሆኑ፣ በበጋ ሐረጉ እንዳይደርቅ ጓሮ ውስጥ ውኃ እያጠጡ የሚያቆዩህ፣ ዝናብ ሲጥልም ለጎረቤት ቆርጠው የሚያካፍሉህ ሰዎች ባለውለታዎቼ ናቸው።

ስለ ዳጣም ላመስግንህ። ትኩስ ሆነህ ሳህን ላይ ስትቀርብ መሃልህን በማንኪያ ጎድጎድ አድርጌ አንድ ማንኪያ በአረንጓዴ ቃሪያ የተሠራ የወላይታ ዳጣ አኖርበታለሁ። ቅቤው በዙሪያው ይቀልጣል፤ አረንጓዴው ወደ ብርቱካናማው ቀስ እያለ ይሰርጋል። ጥብሱን ከዚያ እያጠቀስኩ ስጎርስ መጀመሪያ ጣፋጭነትህ ይመጣል፣ ቃሪያው ዘግይቶ ይከተላል፤ ዓይኔ እንባ ሳያቀርር ሌላ ጉርሻ ያምረኛል። ከዚህ የሚበልጥ የጥብስ ጓደኛ አላውቅም፤ የተጠበሰ ድንች ወዳጆች ይቅር ይበሉኝ።

ደግሞም ከአንድ ድስት ሁሉንም ታበላለህ። ጨውና ዝንጅብል ከመግባቱ በፊት ምግብ ለጀመረው ሕፃን በትንሽ ሳህን ይወጣለታል፤ ጥርሳቸው ለከዳቸው አያት ቅቤው በርከት ተደርጎ ይቀርባል፤ የቀረው ለእንግዳ ነው። ስለ ሦስቱም ከልብ አመሰግንሃለሁ።

አክባሪህ