«አትንኪ!» ብቻ አይበቃም

ሰሞኑን የአምስት ዓመቷን የእህቴን ልጅ ይዤ መካኒሳ የሚገኘው ዞማ ሙዚየም ሄጄ ነበር። እውነቱን ልናገርና፣ እኔ የሄድኩት ለቲክቶክ የሚሆን ቪዲዮ ለመቅረጽ ነው።

ገና ግቢው ውስጥ እንደገባን እጄን ለቃ ሮጠች። ከጭቃና ከጭድ የተሠራውን ግድግዳ በመዳፏ እየዳበሰች፣ የተቀረጸውን መስመር በጣቷ ተከትላ ሄደች። «ይሄ የጉንዳን መንገድ ነው» አለችኝ። እኔ በዚያ ሰዓት ስልኬን ይዤ ጥሩ ብርሃን እየፈለግኩ ነበር።

ዞማን በ2011 ዓ.ም. የከፈቱት ሠዓሊው ኤልያስ ስሜና የሥነ ጥበብ ባለሙያዋ መስከረም አሰግድ ናቸው። ኤልያስ የተጣሉ የኮምፒውተር ሰሌዳዎችን፣ ሽቦዎችንና የኪቦርድ ቁልፎችን ገጣጥሞ በሚሠራቸው ግዙፍ ሥራዎች በዓለም ይታወቃል። ማታ ቤት ገብተን አንዱን በስልኬ አሳየኋት። «ከተማ ነው፤ መብራት ጠፍቶበታል» አለች። ቀጥላም «ያንተ ስልክ ሲበላሽ እዚህ ውስጥ ይገባል?» ብላ ጠየቀችኝ። እኔ እኮ ትርጉሙን ጎግል ላይ ልፈልግ ነበር!

ብዙዎቻችን ዘመናዊ ሥዕል ፊት ስንቆም ፈተና የተቀመጥን ይመስለናል። ልክ የሆነው መልስ እንዳያመልጠን እንፈራለን። ሕፃን ግን ያየውን ይናገራል፣ ይስቃል፣ ይጠይቃል። ጨዋታው ራሱ ማየት ነው።

ታዲያ ልጅ ይዘን ስንሄድ የሚቀበለን ምንድን ነው? ከዚህ በፊት አንድ ሌላ ኤግዚቢሽን ላይ ጥበቃው «አትንኪ!» ብሎ ሲጮህባት ደንግጣ እግሬ ሥር ተሸሸገች። ከዚያ በኋላ «ወደ ቤት እንሂድ» ከማለት ውጪ ቃል አልወጣትም። ሰውየው አልተሳሳተም፤ ሥዕል ሲነካካ ይበላሻል። ችግሩ፣ ከክልከላው ቀጥሎ ልጅ የምታደርገው ነገር አለመዘጋጀቱ ነው። አንድ ጥግ ላይ ወረቀት፣ እርሳስ፣ ቆርኪና የልብስ ቁልፍ ማስቀመጥ ስንት ያስወጣል? ጥቂት ሥራዎችንስ በልጅ ቁመት ልክ መስቀል?

እኛም የቤት ሥራ አለብን። ፎቶው ይደርሳል፤ መጀመሪያ «ምን ይታይሻል?» ብለን እንጠይቅ፣ ከዚያ ዝም ብለን እንስማ።

በማግስቱ የተበጠሰ ቻርጀሬን ስጠኝ አለችኝ። ካርቶን ላይ ጠምዝዛ ለጠፈችውና «የጉንዳን መንገድ» አለችው። እስካሁን ሳሎናችን ግድግዳ ላይ አለ። መንካት ይፈቀዳል።