«ሰፋሪ» ማን ነው? በደቡብ ምዕራብ የቡና ምድር የአንድ ቃል ጣጣ

በሚዛን፣ በቴፒና በዙሪያቸው በሚካሄዱ ጥናቶች ነዋሪውን «ነባር» እና «ሰፋሪ» ብሎ ለሁለት ከፍሎ መጠይቅ መበተን የተለመደ ነው። ክፍፍሉ ለሠንጠረዥ ይመቻል። ይሁን እንጂ «ሰፋሪ» በሚለው ስም የሚጠቃለሉት ሰዎች የመጡበት መንገድ አንድ አይደለም፤ መሬቱንም ያገኙት በአንድ ዓይነት ውል አይደለም።

ከ1977 ዓ.ም. ድርቅ በኋላ የደርግ መንግሥት ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሸዋ አንሥቶ በወለጋ፣ በኢሉባቦር፣ በከፋ፣ በጋምቤላና በመተከል አሰፈረ። ብዙዎቹ በፈቃዳቸው አልተነሡም፤ መሬቱን የሸነሸነላቸውም መንግሥት ነው። በ1990ዎቹ አጋማሽ የተካሄደው የሰፈራ መርሐ ግብር ደግሞ በየክልሉ ወሰን ውስጥ የተገደበና በፈቃደኝነት ላይ የተመሠረተ ነው የተባለለት ነበር። ሦስተኛውን ወገን ግን ማንም አላሰፈረውም። ለቡና ለቀማ ወደ በበቃና ወደ ቴፒ እርሻዎች መጥቶ፣ ወቅቱ ሲያልፍ ወደ አገሩ ሳይመለስ በቀን ሠራተኝነት ሰነበተ፤ ቀጥሎ እኩል አራሽ ሆነ፤ እያደርም ከጫካው ዳር ቦታ ገዛ። በእጁ ያለው በሽማግሌዎች ፊት የተጻፈ ውል ብቻ ሊሆን ይችላል። መሬት ደግሞ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት አይሸጥም፤ አይለወጥም። በአንቀጽ 32 በየትኛውም የአገሪቱ ክፍል የመኖር ነፃነት የተሰጠው ይህ ሰው፣ ጎጆው የቆመበትን መሬት በተመለከተ የሚያሳየው ሕጋዊ ማስረጃ የለውም።

በ2004 ዓ.ም. በሺዎች የሚቆጠሩ አማርኛ ተናጋሪ ገበሬዎች ከጉራፈርዳ ሲፈናቀሉ አከራካሪ ከሆኑት ጉዳዮች አንዱ «ሕጋዊ ሰፋሪ ማን ነው?» የሚለው ነበር። እንዲህ ያለ ጥያቄ ሁሉንም በአንድ ስም በሚጠራ ጥናት ሊመለስ አይችልም።

የነባሩ ወገን ታሪክም በዚሁ ክፍፍል ይደበዝዛል። ለሰፈራ የተመረጠው ደን ባለቤት የሌለው ተደርጎ ይታይ ነበር። በሸካና በከፋ ግን «ኮቦ» በሚባለው ሥርዓት እያንዳንዱ የደን ክፍል ቀፎ የሚሰቅልበት፣ ማር የሚቆርጥበት ባለ መብት አለው፤ መብቱም ከአባት ወደ ልጅ ይወርዳል። ደኑ ሲመነጠር ይህ ሰው ያጣው ነገር በየትኛውም መዝገብ አልሰፈረም። «ነባር» የሚለው ስም ክብር ይመስላል እንጂ ጉዳቱን አይናገርም።

የመምጫ ዘመን መለያ ሲሆን ምን እንደሚያስከትል ከሁለት የባልቲክ አገሮች መረዳት ይቻላል። ሊትዌኒያ እ.ኤ.አ. በ1989 ባወጣችው ሕግ፣ በሶቪየት ዘመን የገቡትን ጨምሮ ለቋሚ ነዋሪዎቿ ዜግነት የመምረጥ ዕድል ሰጠች። ላትቪያ ግን ዜግነትን ከ1940 በፊት ለነበሩ ዜጎችና ለተወላጆቻቸው መለሰች፤ ከ700 ሺህ በላይ ሰዎችም «ዜጋ ያልሆኑ» በሚል ልዩ መደብ ቀሩ። በዚህ መደብ ካሉ ወላጆች የሚወለዱ ሕፃናት በልደት ዜግነት እንዲያገኙ የተደረገው እ.ኤ.አ. ከ2020 ጀምሮ ነው። በደቡብ ምዕራብ ዜግነቱን የተነጠቀ ሰው ስለሌለ ንጽጽሩ ልክ አለው። ሆኖም በ1978 ዓ.ም. በሰፈራ ጣቢያ የተወለደ፣ ልጆቹንም እዚያው ያሳደገ ሰው ዛሬም በመጠይቁ ላይ «ሰፋሪ» ነው።

ስለዚህ መጠይቁ «መቼ መጡ?» ከማለት አልፎ «መሬቱን ከማን አገኙት? በምን ውል? ምስክሩ ማን ነበር?» ብሎ መጠየቅ ይኖርበታል። ይህ ሥራ አድካሚ ነው፤ በአንድ ወር የመስክ ቆይታም አያልቅም። ነገር ግን የ1977ቱን ድልድል በዓይናቸው ያዩ ሰፋሪዎችና የኮቦ ወሰን የሚያውቁ ሽማግሌዎች አርጅተዋል። ቃላቸው በጽሑፍ ሳይሰፍር ካለፉ ለይዞታ ማረጋገጫ የሚመጣ መሬት ለኪ የሚያገኘው የአጥር መስመር ብቻ ይሆናል።