ሐኪም፣ እምነትና ሹመት

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም» ሲሉ አባቶቻችን የተናገሩት ቃል ስለ ሥጋ ሕመም ብቻ የተነገረ እንዳይመስለን። የሚያምነውን ደብቆ የሚኖር ሰውም፤ ያየውን እውነት ወዳጆቹ እንዳይቀየሙት ሲል የሚሸሽግ ሰውም ከዚሁ ምሳሌ አያመልጥም። ዛሬ በዚህ ዓምዳችን ስለ አንድ አሜሪካዊ ሐኪም ልናወጋ የወደድነው፤ እኚህ ሰው እምነታቸውንም ሆነ ያዩትን እውነት ሳይደብቁ ለመኖር በመቍረጣቸው ከሁለት ወገን የደረሰባቸውን ፈተና ለመመልከት ነው። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን አንባቢዎቻችን እንዲገነዘቡልን እንለምናለን።

ቻርልስ ኤቨረት ኩፕ በ1916 ዓ.ም. በኒው ዮርክ ከተማ በብሩክሊን ተወለዱ። የሕክምና ትምህርታቸውን በ1941 በኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ከፈጸሙ በኋላ፤ በ1948 የፊላደልፊያ የሕፃናት ሆስፒታል የቀዶ ሕክምና ክፍል ኀላፊ ሆኑ። በዚያን ዘመን ለሕፃናት ብቻ የተለየ የቀዶ ሕክምና ጥበብ ገና ያልተስፋፋ ስለ ነበረ፤ ጕረሮው ከጨጓራው ሳይገናኝ የተወለደ ሕፃን አብዛኛውን ጊዜ ተስፋ የሚቈረጥበት ነበር። ማደንዘዣው እንኳ ለጨቅላ ሰውነት እጅግ አስጊ ነበር። ዶክተር ኩፕ ከባልደረቦቻቸው ጋራ ይህንን ሁሉ እያሻሻሉ ሄዱ፤ በ1956ም ቀዶ ሕክምና ለተደረገላቸው አዲስ ተወላጆች ብቻ የሚሆን ልዩ የመከታተያ ክፍል አቋቋሙ። ተጣብቀው የተወለዱ መንትዮችን በመለየትም ስማቸው ታወቀ።

በሃይማኖታቸው የፕሮቴስታንት ክርስቲያን ነበሩ። እምነታቸውም በደስታ ቀን ብቻ የሚነገር አልነበረም። በ1968 ወጣት ልጃቸው ተራራ ሲወጣ ወድቆ ሞተባቸው፤ የሰውን ልጅ ሁሉ ሲያድን የኖረ እጅ የገዛ ልጁን ለማዳን ሳይደርስ ቀረ። ከባለቤታቸው ጋራ ሆነውም ስለዚህ ኀዘን መጽሐፍ ጻፉ። ልጅ የቀበረ ወላጅ ሁሉ ይህ ምን ያህል ጽናት እንደሚጠይቅ ያውቀዋል።

በ1973 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ጽንስ ማስወረድን የሴቲቱ መብት አድርጎ በፈረደ ጊዜ፤ (ይህ ፍርድ በ2022 ተሽሯል) ዶክተር ኩፕ ዝም ለማለት አልቻሉም። ሌሊቱን ሙሉ ቆመው የሚያድኑት ጨቅላና ገና ያልተወለደው ጽንስ በእርሳቸው ዓይን አንድ ነፍስ ነበሩ። ስለዚህ ከሆስፒታል ወጥተው ወደ አደባባይ ገቡ። በ1979 ፍራንሲስ ሼፈር ከተባሉ የሃይማኖት ሊቅ ጋራ መጽሐፍና ፊልም አዘጋጅተው ከከተማ ወደ ከተማ እየተዘዋወሩ አስተማሩ። ብዙ የወንጌል አማኞች በዚህ ጕዳይ ወደ ፖለቲካ እንዲገቡ ካነሣሡት ሰዎች መካከል አንዱ ሆኑ።

ፕሬዚዳንት ሮናልድ ሬገን በ1981 ሥልጣን በያዙ ጊዜ፤ ሰርጀን ጀኔራል ለሚባለው፤ ይኸውም ስለ ሕዝቡ ጤና ለሚመክረው ዋና ሐኪም ሹመት ዶክተር ኩፕን አጩ። ዕድሜያቸው ሕጉ ከሚፈቅደው በማለፉ ሕጉን ማስተካከል አስፈለገ። የሴቶች መብት ማኅበራትና የሕብረተሰብ ጤና ባለሙያዎች ሰባኪ እንጂ የሕዝብ ጤና ዐዋቂ አይደሉም በማለት አጥብቀው ተቃወሟቸው፤ የሕግ መወሰኛውም ምክር ቤት ሹመቱን ያጸደቀው ከብዙ ወራት ክርክር በኋላ ነው። ደጋፊዎቻቸው የእኛ ሰው ተሾመልን ብለው ተደሰቱ። ሁለቱም ወገኖች ሰውየውን ያወቋቸው መስሏቸው ነበር።

ይሁን እንጂ ሹመቱ በሥራ ሲፈተን ነገሩ ተለወጠ። ሰርጀን ጀኔራል ብዙ ገንዘብም ብዙ ሠራዊትም የለውም፤ ኀይሉ የሚናገረው ቃል መታመን ብቻ ነው። ዶክተር ኩፕ በመጀመሪያ በትምባሆ ላይ ተነሡ። በ1986 ያወጡት ዘገባ የሲጋራ ጢስ አጠገብ ያለውን የማያጨስ ሰው ጭምር እንደሚጐዳ፤ በ1988 ያወጡትም ኒኮቲን እንደ ሄሮይንና እንደ ኮኬይን ሰውን በሱስ እንደሚያስር አስረዳ። ትምባሆ ከሚያበቅሉት ክፍለ ሀገሮች የመጡ ወግ አጥባቂ ወዳጆቻቸው በዚህ አልተደሰቱም።

የከበደው ፈተና ግን ኤድስ ነበር። በሽታው በ1981 ከታወቀ በኋላ እስከ ብዙ ዓመት ድረስ ስለ እርሱ በአደባባይ እንዲናገሩ አልተፈቀደላቸውም ነበር። በ1986 ፕሬዚዳንቱ ዘገባ እንዲያቀርቡ ባዘዙ ጊዜ፤ ዶክተር ኩፕ የሚመለከታቸውን ወገኖች ሁሉ ጠርተው ካዳመጡ በኋላ በገዛ እጃቸው ጻፉት። በሽታው በምን እንደሚተላለፍና በምን እንደማይተላለፍ ሳያድበሰብሱ ገለጹ። ከጋብቻ በፊት መታቀብንና በትዳር መታመንን የመጀመሪያው መከላከያ ካደረጉ በኋላ፤ ይህን ለማያደርግ ሰው ኮንዶም እንደሚያስፈልገው፤ ልጆችም ገና በትምህርት ቤት ሳሉ ሊማሩ እንደሚገባ ጨመሩ። በ1988ም ስለ በሽታው የሚያስረዳ 8 ገጽ ያለው ጽሑፍ ወደ 107 ሚሊዮን ለሚሆኑ ቤቶች በፖስታ ተላከ።

በዚህን ጊዜ ትናንት ያጨበጨቡላቸው ብዙዎች ጀርባቸውን አዞሩባቸው። በ1987 ለክብራቸው በተዘጋጀ ግብዣ ላይ እንዳይገኙ ሰዎችን የሚቀሰቅሱ ነበሩ፤ ከታወቁት ፖለቲከኞችም አንዳንዶቹ ቀሩ። የዶክተር ኩፕ መልስ ግን እኔ የሕዝቡ ሐኪም እንጂ የነፍስ አባቱ አይደለሁም የሚል መንፈስ ያለው ነበር። እምነታቸው አልተለወጠም፤ የታመመ ሰው ግን በምንም ምክንያት ይታመም በሐኪም ፊት ሕመምተኛ ነው።

ሌላም ሚዛን ቀረበላቸው። ጽንስ ማስወረድ በሴቶች ጤና ላይ የሚያደርሰውን ጕዳት አጥንተው እንዲያቀርቡ ፕሬዚዳንቱ ጠይቀዋቸው ነበር። ወዳጆቻቸው የጠበቁት ብርቱ የክስ ጽሑፍ ነበር። እርሳቸው ግን በጥር ወር 1989 በጻፉት ደብዳቤ፤ የተደረጉት ጥናቶች በሴቲቱ አእምሮ ላይ ጕዳት ያደርሳል ወይም አያደርስም ለማለት እንደማይበቁ ገለጹ። ጽንስ ማስወረድን መቃወማቸውን እስከ ዕለተ ሞታቸው አልተዉም፤ ነገር ግን ተቃውሟቸው በሕሊናቸው ፍርድ እንጂ ባልተረጋገጠ ማስረጃ እንዲቆም አልፈለጉም።

ሰው ናቸውና ያለ ነቀፋ አልኖሩም። ከሹመታቸው በ1989 ከወረዱ በኋላ፤ በስማቸው የተከፈተው የኢንተርኔት የጤና ድርጅት ከንግድ ቤቶች ጋራ ያለውን የጥቅም ግንኙነት በግልጽ ባለማሳወቁ ተነቀፉ፤ ድርጅቱም በ2001 ከሰረ። ዶክተር ኩፕ በ2013 በ96 ዓመታቸው ዐረፉ። የኋለኛው ስሕተት የፊተኛውን ሥራ አይሽረውም፤ የፊተኛውም ሥራ የኋለኛውን ስሕተት አይሸፍነውም።

ይህ የሩቅ ሀገር ወሬ ነው የሚለን አንባቢ ቢኖር፤ የኤድስ ሕሙማን በሀገራችን መጀመሪያ የተመዘገቡት ያ ዘገባ በወጣበት በዚያው በ1986 መሆኑን እናስታውሰዋለን። ከዚያ በኋላ የበሽታውን ስም ላለመጥራት «በሳንባ ሞተ» እየተባለ ስንቱ ቤት እንደ ተዘጋ፤ ስንቱስ ልጅ ያለ እናት አባት እንደ ቀረ የማያውቅ የለም። ዝምታው ከክፋት የመጣ አልነበረም፤ ከነውር ፍርሃትና ከጨዋነት እንጂ። ነገር ግን በሽታ ጨዋነትን አያከብርም።

እኛም ወላጆች የሆንን ከዚህ ታሪክ የምንወስደው ስንቅ ይኸው ይመስለናል። ለልጆቻችን የምናምንበትን ሳናፍር እንንገራቸው፤ ሕይወታቸውን የሚያድነውን ዕውቀት ደግሞ ስለምናፍር ብቻ አንከልክላቸው። እምነት ያለው ሰው ከማስረጃ የሚሸሽበት ምክንያት የለውም፤ እውነትና ንጋት እያደር ይጠራልና።