ለሁለተኛ ጊዜ መጥራት



ዘንድሮ ለዓመቱ መዝጊያ ድራማ ተዋንያን ሲመረጡ ከኋላ ወንበር ተቀምጬ እመለከት ነበር። አንድ የሰባተኛ ክፍል ተማሪ የተሰጠውን ጽሑፍ ማንበብ ሲጀምር ድምፁ ተንቀጠቀጠ። ሁለት መስመር ሳይጨርስ «ይበቃል፣ ቀጣይ» ተባለ። ዋናውን ገጸ ባሕርይ እንደ አምናው ሁሉ ያው አንደበተ ርቱዕ ልጅ ወሰደው። እኔም ምንም ሳልናገር ወጣሁ። ይህን ጽሑፍ ያጻፈኝ ያ ዝምታዬ ነው።

በፊልም ሥራ ለእያንዳንዱ ገጸ ባሕርይ የሚስማማ ተዋናይ ፈልጎ የሚያቀርብ ባለሙያ አለ፤ ካስቲንግ ዳይሬክተር ይባላል። የመጨረሻውን ቃል የፊልሙ ዳይሬክተርና ፕሮዲዩሰሩ ቢሰጡም፣ ማን ፊታቸው እንደሚቀርብ የሚወስነው እሱ ነው።

በዚህ ሙያ ስማቸው ከሚነሣ ሰዎች አንዷ አሜሪካዊቷ ማሪየን ዶኸርቲ ናት። ሥራዋን የጀመረችው በ1940ዎቹ መጨረሻ (እ.ኤ.አ.) በኒው ዮርክ፣ በቀጥታ ለሚተላለፉ የቴሌቪዥን ድራማዎች ተዋናይ በመፈለግ ነው። ስላየችው ተዋናይ በትንንሽ ካርዶች ላይ ማስታወሻ ትይዝ ነበር። ጆን ቮይት የተባለ ወጣት እሷ ባስገባችው የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ደካማ ሥራ ሠራ፤ ይህንንም ራሱ ተናግሯል። ሌላ ሰው ቢሆን ካርዱን ይጥለው ነበር። እሷ ግን በ1969 ለወጣው «ሚድናይት ካውቦይ» ያንኑ ሰው ለዋናው ገጸ ባሕርይ አቀረበችው። ቮይት ለኦስካር ታጨ፤ ፊልሙም የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ተሸለመ።

ወደ እኛ አካባቢ ልመለስ። በ2013 ለወጣው «ካፒቴን ፊሊፕስ» የሶማሌ ተዋንያን ሲፈለጉ፣ ፈላጊዎቹ ሶማሌዎች በብዛት ወደሚኖሩባት የአሜሪካ ከተማ ሚኒያፖሊስ ሄዱ። ለፈተናው ከመጡት ብዙ መቶ ሰዎች መካከል በሞቃዲሾ የተወለደው ባርካድ አብዲ ተመረጠ። ከዚያ በፊት በፊልም ተውኖ አያውቅም ነበር። እሱም ለኦስካር ታጨ።

ባልደረቦቼ «ጊዜ የለንም፤ በወላጆች ፊት ድራማው ቢበላሽስ?» እንደሚሉ አውቃለሁ። ሥጋታቸው እውነት ነው። እኔም ልጁ ስላሳዘነን ብቻ ቦታ ይሰጠው አላልኩም። ዶኸርቲም ቮይትን የመረጠችው በርኅራኄ አይደለም፤ አንድ የተበላሸ ቀን የሰውየውን ችሎታ በሙሉ እንደማያሳይ ስለገባት ነው። እኛ ግን በሁለት ደቂቃ ንባብ የምንለካው ብዙ ጊዜ ችሎታን ሳይሆን ድፍረትን ነው።

ስለዚህ ለሚመጣው ዓመት ሁለት ነገር እጠይቃለሁ። ለድራማም ሆነ ለጥያቄና መልስ ውድድር ተማሪ የሚመርጥ መምህር እያንዳንዱን ልጅ በተለያየ ቀን ሁለት ጊዜ ይየው። ያየውንም በደብተር ይመዝግብ፤ ደብተሩም ለሚቀጥለው መምህር ይተላለፍ። ወላጆችም ቤት ውስጥ «እሱ ዓይን አፋር ነው» ብላችሁ የልጃችሁን ፋይል አትዝጉ።

ይህ ሥራ ጭብጨባ የለውም። ዶኸርቲ በ2011 ስታርፍ ኦስካር ለሙያዋ የተለየ ሽልማት አልነበረውም፤ እንዲኖረው የተወሰነው በ2024 ነው። መምህርም እንዲሁ ነው፤ መድረክ ላይ የሚታየው የመረጠው ልጅ ነው።

ያን የሰባተኛ ክፍል ልጅ በሳምንቱ ቢሮዬ ጠርቼ «ለከርሞ ትሞክራለህ?» አልኩት። «ቲቸር፣ እኔ እኮ አንዴ ታይቻለሁ» አለኝ።

መስከረም ላይ እንደገና እጠራዋለሁ። መልካም የዕረፍት ጊዜ።