አርባ በመቶው ደን የት ነበር?

ወሎ ውስጥ መርሳ አካባቢ በአንድ ተራራ ሥር ችግኝ ሊተከል ሰው ተሰብስቧል። ከሩቅ የመጡ አንድ እንግዳ ነጭ ጓንታቸውን ሳያወልቁ ድምፅ ማጉያውን ያዙና ጀመሩ፦ «ይህ ራቁቱን የቆመ ተራራ ሁሉ በአያቶቻችን ጊዜ አንበሳ የሚያገሳበት ደን ነበር። ከመቶ ዓመት በፊት 40 በመቶው አገራችን በደን የተሸፈነ ነበር፤ ዛሬ 3 በመቶ ቀርቶናል። ያጠፋነው እኛው ነን።» «እኛው» ሲሉ እጃቸው የሚያመለክተው ከፊታቸው መሬት ላይ ወደተቀመጠው ገበሬ ነበር። ተጨበጨበ። የተከሰሰውም አብሮ አጨበጨበ።

ችግኙን ይትከሉ፤ ማን ከለከላቸው? እኔን የሚያንገበግበኝ ይህ አርባ የሚባል ቁጥር ነው። ከትምህርት ቤት መጽሐፍ እስከ ሚኒስትር ንግግር፣ ከዕርዳታ ድርጅት ሪፖርት እስከ ቀበሌ ስብሰባ ሲዞር ኖሯል፤ አንድም ሰው አስቁሞ «ማን ቆጠረህ?» ያለው የለም።

እስቲ እንቁጠረው። ኢትዮጵያ ወደ 1.1 ሚሊዮን ካሬ ኪሎ ሜትር ትሰፋለች። አርባ በመቶው 440 ሺህ ይሆናል። የሶማሌና የአፋር ክልሎች ሁለቱ ብቻ የአገሪቱን ሲሶ ገደማ ይይዛሉ፤ እዚያ ጥቅጥቅ ደን ነበር የሚል ካለ ይምጣና ያሳየን። እነሱን ስንቀንስ ከቀረው መሬት ከመቶ ስድሳው ደን መሆን ነበረበት ማለት ነው። ታዲያ ጤፉ የት ተዘራ? ከብቱ የት ዋለ? በ1888 ዓ.ም. ወረኢሉ ላይ ከትቶ ወሎን አቋርጦ ወደ ዐድዋ የዘመተው ያ ሁሉ ሠራዊት ስንቁን ከጥድ ቅጠል ነው የሰፈረው? ደኑን ለክተናል ቢሉስ በምን? የመጀመሪያው አውሮፕላን አዲስ አበባ ያረፈው በነሐሴ 1921 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት የአገሩን ደን ከላይ ሆኖ በመቶኛ ያሰላ ፍጡር ካለ መልአክ መሆን አለበት።

ቁጥሩ መነሻ ዘመን እንኳ የለውም። እንግዳችን «ከመቶ ዓመት በፊት» አሉ። አሜሪካዊው አል ጎር እ.ኤ.አ. በ1992 ባሳተሙት መጽሐፍ ደግሞ ደናችን ከ40 በመቶ ወደ 1 በመቶ የወረደው በአራት አስርት ዓመታት ውስጥ ነው። አንዱ የአያቶቻችን ዘመን ያደርገዋል፣ ሌላው የጃንሆይ ዘመን፤ ደኑ ከዘመን ዘመን ይሸሻል፣ አርባው ብቻ ንቅንቅ አይልም። የታሪክ ተመራማሪው ጄምስ ማካን እ.ኤ.አ. በ1997 ይህንኑ ወሬ ተከታትለው ከሥሩ ማስረጃ እንደሌለው ጽፈዋል። ጽሑፉ ከወጣ ስንት ዘመኑ! እዚህ መድረክ ላይ ግን ገና አልደረሰም።

ማስረጃ ለፈለገ ቅርብ ነው። ከመርሳ በውርጌሳና በውጫሌ በኩል ወደ ደሴ ሲወርዱ ሐይቅ ይገኛል። ከሐይቅና ከጎረቤቱ ከአርዲቦ ውኃ ሥር የተቀዳውን ጭቃ ኢያን ዳርቢሻየር፣ ሄንሪ ላምና የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው መሐመድ ዑመር መርምረው ውጤቱን እ.ኤ.አ. በ2003 አሳትመዋል። ጭቃው በየዘመኑ የወደቀውን የዛፍና የሣር የአበባ ብናኝ ደርድሮ አቆይቷል። ምን ይላል? የዝግባና የጥዱ ደን የተመነጠረው ከ2,500 ዓመት ገደማ በፊት ነው። ከዚያ በኋላ ለ1,800 ዓመት ያህል አገሩ ክትክታና ሣር ሆኖ ኖረ። እ.ኤ.አ. ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ ደግሞ ጥዱ ከነወይራው ተመልሶ ተስፋፋ፤ ከዚያም እንደገና ሳሳ። የሄደ፣ የመጣ፣ ደግሞ የሄደ ደን ነው። የመጀመሪያው መጥረቢያ የተነሳው ላሊበላ ከመፈልፈሉ ከሺህ ዓመት በላይ ቀድሞ ነው። ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ እ.ኤ.አ. በ1520ዎቹ በአንጎት፣ ማለትም በዚሁ በእኛ ሰፈር፣ ሲያልፉ የጻፉት ስለ እህሉና እህሉን ስለፈጀው አንበጣ ነበር። ያን ሁሉ ዘመን በአንድ ትውልድ አያት ጫንቃ ላይ መጫን ምን ይባላል?

«ሽማግሌዎቹ ራሳቸው ጫካ ነበር ይላሉ» የሚል መልስ እንደሚመጣ አውቃለሁ። አዎ፣ ይላሉ። በእኛው በየጁ ከአንዱ ቀበሌ ወደ ሌላው ስትሄድ የምትሰማው ታሪክ አንድ ዓይነት ነው። የመጀመሪያው አባት ከወዲያ ማዶ መጣ፤ አገሩ ዱር ነበር፤ አውሬውን ገደለ፣ ጫካውን መነጠረ፣ እሳት አነደደ፣ ቤተ ክርስቲያን ተከለ ወይም ዛዊያ አቆመ፤ እኛ የእሱ ልጆች ነን። የየጁ መኳንንት እንኳ፣ ከአሊ ጓንጉል ጀምሮ ዳግማዊ ራስ አሊ በ1845 ዓ.ም. አይሻል ላይ እስኪሸነፉ ድረስ ጎንደርን እንደራሴ ሆነው የገዙት ወረሼኮች፣ ዘራቸውን የሚቆጥሩት ከባሕር ማዶ መጡ ከሚባሉ ሼህ ዑመር ነው። ይህን ታሪክ ያወሩ ሽማግሌዎች ዛፍ እየቆጠሩ አልነበረም። የሚሉት «ከእኛ በፊት ባለቤት አልነበረውም፤ ያቀናነው እኛ ነን፤ ርስቱ የእኛ ነው» ነው። ለዳኛ የሚነገር ታሪክ ነው። ርስት የሚሟገት ሰው ደግሞ ጫካውን ያበዛዋል፣ አውሬውን ያገዝፈዋል፤ ያ ካልሆነ ማቅናቱ ምን ያስመሰግነዋል? ከዚያ በፊት ከብቱን እዚያ ያሰማራ የነበረውንም አፋር ይሁን ሌላ ከታሪኩ ያወጣዋል።

እንግዳችን ይህን ምስጋና ነጥቀው ክስ አደረጉት። አያትየው በአቅኚነቱ ይመካ ነበር፤ የልጅ ልጁ በዚያው ቃል ጥፋተኛ ተብሎ በፀሐይ ይቀመጣል።

ዛፍ በእርግጥ ያለቀበት ቦታ የለም አልልም። ከግራና ከተማ ወዲያ ወደ አፋር የሚወርደው ሜዳ ግራሩ ተመንጥሯል፣ ያውም በሰው ዕድሜ። ግን ሜዳውን ለግራሩ ትቶለት የኖረው የአያት ቅድስና አይደለም፣ ወባ ነው። እ.ኤ.አ. በ1958 ብቻ ወባ በኢትዮጵያ ወይና ደጋ እንኳ 3 ሚሊዮን ያህል ሰው አሳምሞ 150 ሺህ የሚገመት ገድሏል። በቆቦ ጨርጨርና በሌሎችም ቦታዎች ቤት በዲዲቲ መረጨት ሲጀምር ሰው ወደ ቆላ ወረደ፣ አረሰ። ልጁ እንዳይሞት ፈልጎ ነው ደጋ ተጣቦ የኖረው፤ ልጁ እንዳይራብ ብሎ ነው የወረደው። እንግዳችን የቆሙት ግን ሜዳው ላይ አልነበረም።

ወሬ ነው ብሎ ማለፍ ይቻል ነበር፣ በወሬው የተሠራው ባይኖር። በደርግ ጊዜ «ገበሬው ደን ጨራሽ ነው» ተብሎ በየተራራው ክልክል ወጣ። የግጦሽ መሬቱን ሳያማክሩ ከልለውበት፣ በዓለም ምግብ ፕሮግራም ስንዴና ዘይት እርከን አሠሩት፣ ችግኝ አስተከሉት። በ1983 ዓ.ም. መንግሥቱ ሲወድቅ ገበሬው በብዙ ቦታ ያን ችግኝ ጨፈጨፈው። ባለሥልጣኑም «አላልኩም?» አለ! ለምን ቆረጥክ ብሎ የጠየቀው ግን የለም።

በ1977 ዓ.ም. ረሀብ ደግሞ የባሰው መጣ። ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሰው ወደ ምዕራብ ተጫነ፤ ከግማሽ በላይ የወሎ ሰው ነበር። ምክንያት ተብሎ ከተደረደረው አንዱ የደጋው መሬት በሰው እጅ አልቋል፣ በምዕራብ ግን ባዶ ድንግል መሬት አለ የሚል ነው። እንግዲህ ስሙት፦ ዛፍ ጨረስክ ተብሎ ከአገሩ የተነቀለ ገበሬ መተከል፣ ፓዊ ወርዶ ሥራው ምን ሆነ? በበለስ ሸለቆ የጫካ ምንጣሮ! ዶዘሩ ከፊት፣ እሱ ከኋላ። እዚህ ወንጀል የነበረው እዚያ ልማት ተባለ። «ባዶ» የተባለውም መሬት ጉሙዝ የሚያድንበት፣ ቀፎ የሚሰቅልበት፣ አንዱን እያሳደረ ሌላውን የሚያርስበት አገር ነበር። ሰፋሪው በወባ ረገፈ፣ ጉሙዙ መሬቱን ተነጠቀ፤ የሁለቱም ልጆች እስከ ዛሬ «ነባር» እና «መጤ» እየተባባሉ ሲገዳደሉ አይተናል። ሚዛን ላይ ያልወጣ አርባ በመቶ ይህን ሁሉ አጅቦ ሄዷል።

ዶናልድ ክሩሚ የሚባሉ የታሪክ ሰው ጣሊያኖች እ.ኤ.አ. በ1937 ወሎ ውስጥ ያነሷቸውን ፎቶግራፎች ይዘው ከስድሳ ዓመት በኋላ እነዚያው ቦታዎች ላይ ሄደው ቆሙ። ሥራቸው እ.ኤ.አ. በ1998 በኢትዮጵያ ጥናት መጽሔት ወጥቷል። ሰዉ በዝቶ፣ እርሻው ሰፍቶ ሳለ ያዩት ዛፍ ከድሮው ይበልጥ ነበር። የተከለው ማን ነው? ይኸው ተከሳሹ ገበሬ፤ በጓሮው፣ በማሳው ዳር፣ ባብዛኛው ባሕር ዛፍ። ማንም ነጭ ጓንት አጥልቆ አልመጣለትም፤ ድምፅ ማጉያም አልነበረውም። ቆርጦ ጎጆ እንደሚሠራበት፣ መርሳና ወልድያ ገበያ አውጥቶ እንደሚሸጠው እርግጠኛ ስለነበረ ተከለ።

ስለዚህ የመቶ ዓመቱን ትተን እንግዳችንን የአምናውን እንጠይቃቸው። ከአምናው ችግኝ ስንቱ ጸደቀ? ተራራው ከተከለለ ሣሩን ማን ያጭዳል? ዛፉ ሲያድግ ቆርጦ የሚሸጠው ማን ነው፣ ወረቀቱስ በማን ስም ነው?