ለልጅ የሚጻፍ እውነተኛ ዕድሜ

ልጅ ሲወለድ እልል የሚባልበት ቤት ብዙ ነው፤ የተወለደበት ቀን በወረቀት የሚጻፍበት ቤት ግን ጥቂት ነበረ። በፈረንሳይ ለጋሲዮንና ከዚያም ወደ እንጦጦ በሚያወጣው ዳገት ላይ በሚገኙት መንደሮች አንዲት እናት ስለ ልጇ ዕድሜ ብትጠየቅ፣ «ዝናቡ ባየለበት ክረምት፣ በኪዳነ ምሕረት ማግሥት ነው» ብላ ብትመልስ የሚያስደንቅ አይደለም። ይህ መልስ ለጎረቤት ይበቃል። ለመንግሥት መሥሪያ ቤት ግን አይበቃም፤ ከዚህም የተነሣ ብዙ ክርክር ይመጣል። ስለዚህ በዛሬው ጽሑፋችን ለእናቶችና ለአባቶች ጥቂት ቃል ልናሳስብ ወደድን።

ለምሳሌ ያህል አባቷ የሞተባት የ15 ዓመት ልጅ አለች እንበል። እናቲቱ ከእንጦጦ ዳገት እንጨት ተሸክማ ልጆቿን ያሳደገች ናት። ልጂቱ ድካሟን እንድትካፈላት በማሰብ «18 ዓመት ሞልቷታል» ብላ ታስመዘግባታለች፤ ልጂቱም በተላላኪነት ትቀጠራለች። በዚያን ቀን የተጎዳ ሰው ያለ አይመስልም። ነገር ግን መጀመሪያ ስትቀጠር በሕይወት ታሪክ ቅጽ ላይ የተጻፈው ዕድሜ እስከ ጡረታ ይከተላታል። በ2014 ዓ.ም. የወጣው የመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ አዋጅ ቁጥር 1267 መደበኛውን የጡረታ ዕድሜ 60 ዓመት አድርጎታል። እንግዲህ ልጂቱ በእውነት 57 ዓመት ሲሆናት ከሥራ ትሰናበታለች ማለት ነው። የሦስት ዓመት ደመወዟን ያስቀረባት እናቷ በፍቅር የተናገረችው ሐሰት ነው። በኋላ የወጣ የልደት ወረቀት ይዛ ብትከራከር፣ መሥሪያ ቤቱ ራሷ የፈረመችበትን ቅጽ አውጥቶ ያሳያታል።

ዕድሜን መቀነስም ከዚህ የተሻለ አይደለም። ማስታወቂያው የዕድሜ ወሰን አለው ተብሎ የ30 ዓመቱ ጎልማሳ 25 ነኝ ቢል፣ የትምህርት ቤቱ መዝገብ አንድ ቀን ይመሰክርበታል። ሐሰተኛ ማስረጃ ቅጥርን ያሰርዛል፤ በወንጀልም ያስጠይቃል።

ይህን ስንል የዕድሜ ወሰን ሁሉ ትክክል ነው፣ ሰውም ዝም ብሎ ይቀበል ማለታችን አይደለም። ዘግይቶ የተማረ፣ ወይም ወላጆቹን ሲያስታምም ጊዜው ያለፈበት ሰው ቢያዝን እውነት አለው። በሌሎችም አገሮች ይህ ነገር ዳኛ ፊት ቀርቧል። በስፔን የምትገኘው የኦቪዬዶ ከተማ ለፖሊስነት ከ30 ዓመት በላይ የሆነውን አልቀበልም ስትል፣ የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ2014 ወሰኑ ከሚገባው በላይ ነው፤ የሰውነት ብርታት በፈተና ሊታወቅ ይችላል አለ። በ2016 ግን በዚያው አገር የባስክ ፖሊስ ያወጣውን የ35 ዓመት ወሰን፣ ሥራው ብርቱ ጉልበት የሚጠይቅ ስለ ሆነ አጸናው። በሕንድ አገር ደግሞ ለከፍተኛ የመንግሥት ሹመት በሚደረገው ፈተና ወሰኑ 32 ዓመት ሲሆን፣ ከጥንት ጀምሮ ተጨቁነው ለኖሩት ወገኖች በየደረጃቸው ሦስትና አምስት ዓመት ይጨመርላቸዋል።

ከዚህ የምንረዳው፣ ወሰን የሚያወጣ መሥሪያ ቤት «ሥራው ይህን በእውነት ይጠይቃልን?» ለሚለው መልስ ሊኖረው እንደሚገባ ነው። ቅር የተሰኘውም ሰው ማስታወቂያውን ከእነ ቀኑ ይዞ፣ በመጀመሪያ ለመሥሪያ ቤቱ፣ ከዚያም ሕግ ለፈቀደለት ዳኛ በጊዜው ያመልክት። እውነተኛውን ዕድሜ ይዞ የሚከራከር ሰው ቢረታ መብቱን ያገኛል፤ ባይረታ እንኳ ስሙ አይጎድፍም። ዕድሜውን የለወጠ ግን ገና አፉን ሳይከፍት ተረትቷል።

በጊዜ መቀጠርም ጥቅም አለው። ዕድሜው ሲደርስ የዘለቄታ የጡረታ አበል ለማግኘት ቢያንስ 10 ዓመት ማገልገል ያስፈልጋልና፣ በ51 ዓመቱ የገባ ሰው በመደበኛው መውጫ ጊዜ ይህ አይሞላለትም።

አሁን ወደ ቤታችን እንመለስ። በ2004 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 760 መሠረት የልደት ምዝገባ ከ2008 ዓ.ም. ጀምሮ በመላው አገር ተጀምሯል። ልጅ በተወለደ በ90 ቀን ውስጥ ሊመዘገብ ይገባዋል። ሕፃኑን ለክርስትና ወይም ለስም ማውጣት ስናሰናዳ መዝገቡንም አብረን እናስብ። ወረቀቱ በእጅ ሲገባ ስሙና ቀኑ በትክክል መጻፉን እንመልከት፤ የኢትዮጵያ አቈጣጠር ይሁን የፈረንጅ መለየቱንም እንይ። በእኛ አቈጣጠር በ1990 የተወለደ ልጅ፣ ዓመቱ እንደ ፈረንጅ ከተነበበ በሰባት ወይም በስምንት ዓመት ያረጃል።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። ለልጆቻችን መሬትና ቤት ለማውረስ ዐቅም ባይኖረን፣ እውነተኛ የልደት ቀናቸውን በወረቀት ለማውረስ ግን የሚያቅተን የለም።